እርማት፦ «የከርሞ ሰው» ለፊልም የተደረሰ አይደለም
ሰላም የደብረ ማርቆስና የባሕር ዳር ሙዚቃ ወዳጆች። «ጋሽ ሙላቱ አስታጥቄ ‹የከርሞ ሰው›ን የደረሰው ‹ብሮክን ፍላወርስ› ለተባለው የአሜሪካ ፊልም ታዝዞ ነው» የሚል አስተያየት ሲደጋገም አየሁ። ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው። ፊልሙ የወጣው በ2005 ነው (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)፤ ዜማው ግን ከ30 ዓመት በላይ ቀድሞ ተቀድቷል። ዳይሬክተሩ ጂም ጃርሙሽ የተጠቀመው ያንኑ የድሮ ቅጂ ነው። እንዲያውም ፊልሙ ራሱ አይደብቅም፤ ኢትዮጵያዊው ገጸ ባሕርይ ዊንስተን ሙዚቃውን በሲዲ አድርጎ ለጎረቤቱ ሲሰጠው ይታያል።

ማጣራት የሚፈልግ «የከርሞ ሰው» የሚገኝበትን የ«ኢትዮፒክስ» (የድሮ የኢትዮጵያ ሙዚቃ ሲዲዎች ተከታታይ) ቁጥር 4ን ሽፋን ይመልከት፦ ሥራዎቹ ከ1969 እስከ 1974 ያሉ ናቸው ይላል፤ ሲዲውም የወጣው በ1998 ነው። ዘመኑ ሲሳት ከጋሽ ሙላቱ ጋር የተጫወቱት ሙዚቀኞች ድካም ለፊልሙ ይቆጠራል። ባሕር ዳር ሙዚቃ የምታስተምሩ፣ እባካችሁ ለተማሪ ከመንገራችሁ በፊት ዓመቱን አስተካክሉት።