ይድረስ ለክብርት መሸኛ፣ ካሉበት

ጉዳዩ፦ ብቅ እንዲሉልኝ ስለመለመን

ክብርት ሆይ፣ እንደምን ከርመዋል? እኔ ከደመወዝ በስተቀር ደህና ነኝ።

ባለፈው ማክሰኞ ደጅዎ ቆሜ ነበር። ያውም ተፈርዶልኝ! ያስታውሱ እንደሆነ፣ ዓመቱ አጋማሽ ላይ፣ ፈተና እያረምኩ ሳለ፣ "ለሥራ ቅልጥፍና ሲባል" ከሀዋሳ ወደ ገጠር ወረዳ ተዛውረሃል ተባልኩ። አልሄድኩም፤ ከሰስኩ። ከሰባት ቀጠሮ በኋላ አስተዳደር ፍርድ ቤቱ "ወደ ቀድሞ ቦታው ይመለስ" አለ። ውሳኔውን ፕላስቲክ ውስጥ ከትቼ፣ ሸሚዝ ተኩሼ፣ ከአቶቴ በባጃጅ ሀዋሳ ትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ከተፍ አልኩ።

መስኮቱ ጋ የተቀመጠው ልጅ ስምንተኛ ክፍል ሲቪክስ ያስተማርኩት ነው። "ቲቸር!" ብሎ ብድግ አለ። ደስ አለኝ። ሰልፈኛው ሁሉ እያየኝ ነበር። ውሳኔውን አገላብጦ አየና፣

"መሸኛስ?" አለ።

"የምን መሸኛ?"

"ከገጠሩ ትምህርት ቤት ነዋ። ያለ መሸኛ እንዴት እንቀበልዎታለን?"

እዚያው ቆሜ ገጠር ደወልኩ። ርዕሰ መምህሩ ትሑት ሰው ነው። "መምህር፣ እርስዎ እኮ እኛ ጋ ሪፖርት አላደረጉም። ያልመጣ ሰው እንዴት ይሸኛል?" አለኝ። እውነቱን ነው። እንግዲህ ወደ ሀዋሳ ለመመለስ መጀመሪያ ገጠር መሄድ፣ ላለመሄድ የተከራከርኩበት ቦታ ደርሼ መሸኘት አለብኝ።

ልጁ አዘነልኝ። "ማመልከቻ ይጻፉና ለኃላፊው እናቅርብልዎ" አለኝ። ጉልበቴ ላይ ጻፍኩ። አነበበው። ቀይ እስክሪብቶ አነሣ። "ቲቸር፣ 'ጉዳዩ' የሚለው ሥር መስመር አልተሰመረም" ብሎ ከቦ መለሰልኝ። ከኋላዬ አንዲት ሴትዮ ሳቋን በነጠላዋ ያዘችው። ክብርት ሆይ፣ ቀዩን እስክሪብቶ ያስለመድኩት እኔ ነኝ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37 ስለ ምን ይደነግጋል ብዬ ስጠይቀው፣ "ፍትሕ ስለማግኘት መብት" ብሎ ጽፎ ሙሉ ማርክ ሰጥቼዋለሁ። ግማሽ መቀነስ ነበረብኝ።

አስምሬ ስመለስ ቲተር የያዘችው ልጅ ሥልጠና ላይ ናት ተባለ።

የድሮውን ቂም ብዙም አላነሣም። የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ 1064/2010ን ብጠቅስ "እሱ የፌዴራል ነው፣ አንተ የክልል ነህ" ተብያለሁ፤ ይሁን፣ ስህተቱ የኔ ነው። ማኅደሬ ደግሞ "ደቡብ" የሚል ካርቶን ውስጥ ነው። ሲዳማ በ2012 ክልል ሆነ። የቀድሞው ደቡብ ክልልም በ2015 ተከፋፍሎ ቀረ። ካርቶኑ ግን አለ።

እስቲ ግን አንዴ አንቺ ልበልሽ። ከቀድሞው ፔሮል አውጥተውኛል፤ አዲሱ ውስጥ አልገባሁም። ስምንት ወር! ቤቱን ባለቤቴ በነርስነት ደመወዟ ብቻዋን ይዛዋለች፣ ማታ ተረኛ ገብታ፣ ጠዋት እግሯ አብጦ እየመጣች። የመምህር ልጅ ደብተር በዱቤ ትገዛለች። ልጆቹን ያለ አስተማሪ ጥለው እኔን ወረቀት ያሳድዱኛል። ዳኛ የፈረደውን አንቺ ነሽ የምትሽሪው? አንዲት ብጣሽ ወረቀት?

ይቅርታ፣ ክብርት። ወደ እርስዎ ልመለስ።

ከዚያ ወጥቼ ሐይቁ ዳር ወዳለው ዓሣ ገበያ፣ አሞራ ገደል ወረድኩ። አባ ኮዳዎቹ ዓሣ የሚበልቱት ሰዎች አጠገብ እንደ ባለጉዳይ ትከሻቸውን ሰብስበው ቆመዋል። አንዱ ልጅ የዓሣ አንጀት ወረወረ፤ ተሻሙ፤ በሉ። ከየት መጣችሁ፣ ማን ሸኛችሁ ያላቸው የለም።

ሐሙስ እመጣለሁ። "ጉዳዩ" ሥር ሁለት መስመር አስምሬያለሁ።

ከሰላምታ ጋር

ግልባጭ፦
ለሰፈራችን ባለሱቅ (የደብተሩ ዱቤ እስከ ሐሙስ እንዲታገሡኝ)