የፈጠርኩትን አመናችሁ፣ እውነቱን ፈጠራ አላችሁት

ዛሬ ካልተነፈስኩ እንቅልፍ አይወስደኝም። ትንሽ ይረዝማል፣ ታገሱኝ።

ሁለት ዓመት ሙሉ፣ ማታ ማታ ከሥራ መልስ አንድ ልብ ወለድ ስጽፍ ቆይቻለሁ። ዓለሙ የራሴ ፈጠራ ነው። እዚያ አገር ፀሐይ አንዴ ከወጣች፣ ሰው ዘጠኝ ጊዜ ተኝቶ ካልተነሣ አትጠልቅም። ስለዚህ ጊዜን መቁጠር ከባድ ሥራ ነው። አንዲት አሮጊት ሊቅ ዕድሜያቸውን ሙሉ ጥላ ሲለኩ ኖረው ሰባት ቅጽ መጽሐፍ ጻፉ። ስሙ «የጥላ ልክ» ነው። በየምዕራፉ መግቢያ ላይ ከዚያ መጽሐፍ የተቀነጨበ አንድ አንቀጽ አስቀምጣለሁ። አንቀጹን የምጽፈው እኔ ነኝ። መጽሐፉ በዚህ ምድር ላይ የለም።

የመጀመሪያዎቹን ምዕራፎች ለወዳጆች ላክሁ፣ እነሱም ለሌላ ላኩ። ከዚያ ወዲህ በየቀኑ የሚደርሰኝ መልእክት አንድ ዓይነት ነው። «የጥላ ልክን ፒዲኤፍ ላኪልኝ።» «የት ይሸጣል?» «ለመመረቂያ ጽሑፌ ልጠቅሰው ነው፣ አሳታሚው ማነው?» ኧረ የለም! በመጀመሪያው ገጽ ላይ በደማቁ ጽፌዋለሁ። የለም ብዬ ስመልስም «ለራስሽ ብቻ ልትደብቂው ነው አይደል?» የሚለኝ አለ። ልብ ወለዱን እንኳ ሳያነብ፣ ከነጭራሹ ላልተጻፈ መጽሐፍ ሲል ይቀየመኛል።

ይሄን እንኳ እችለዋለሁ። አንጀቴን ያሳረረው ሌላው ነው።

በሦስተኛው ምዕራፍ ላይ ሊቋ ተማሪያቸውን ቆጠራ ያስተምሩታል። አንድ ዕለት 60 ኬክሮስ ነው ይሉታል። አንዱ ኬክሮስ 60 ካልዒት ነው። ካልዒት ወደ ሣልሲት፣ ሣልሲት ወደ ራብዒት እያለ ይወርዳል። ዓመቱ ከ365 ቀን ላይ 15 ኬክሮስ ይተርፈዋል። በአራት ዓመት 60 ይሞላና አንድ ተጨማሪ ቀን ይሆናል። አራቱም ዓመታት በአራት ጸሐፊዎች ስም ይጠራሉ። የዘመን ዙር በ532 ዓመት ይገጥማል።

ምን ተባልኩ መሰላችሁ? «ምናብሽ ይገርማል! ኬክሮስ የሚለውን ቃል ከየት ፈጠርሽው?» አንድ የቅርብ ወዳጄ ደግሞ በቁም ነገር መክሮኛል። «ዓመት በሰው ስም መጠራቱ አያሳምንም፣ ቀይሪው» አለኝ። ይኸው ሰው ለ2018 መስከረም 1 ቀን «እንኳን ከዘመነ ማቴዎስ ወደ ዘመነ ማርቆስ በሰላም አሸጋገረሽ» ብሎ የላከልኝ መልእክት እስካሁን ስልኬ ላይ አለ!

ከዚያ ሁሉ ውስጥ አንዷንም እኔ አልፈጠርኳትም። ባሕረ ሐሳብ ነው፣ የቤተ ክርስቲያናችን የዘመን አቆጣጠር። ኬክሮስ የኛ ነው፣ 24 ደቂቃ ማለት ነው። ጳጉሜን በየአራት ዓመቱ 6 የምትሆነው በዚያች 15 ኬክሮስ ምክንያት ነው። 532ም ዐቢይ ቀመር ይባላል፤ የፀሐይ ዐውድ (ዙር) 28 እና የአበቅቴ፣ ማለትም የፀሐይ ዓመት ከጨረቃ ዓመት የሚተርፈው ቀን፣ ዐውድ 19 ሲባዙ የሚመጣ ነው። ለእኔ ያሳዩኝ የሰፈራችን መሪጌታ ናቸው፣ በደረሰኝ ጀርባ ላይ በእርሳስ እየጻፉ። ከአሥር ደቂቃ አልበለጠም።

እስቲ እናንተም ወረቀት አምጡ። 2018 ላይ 5500 ደምሩ፣ ዓመተ ዓለሙ፣ ከፍጥረት ጀምሮ ያለው ዘመን ማለት ነው፣ 7518 ይሆናል። ለ4 ስታካፍሉት 2 ይተርፋል፣ ያ ማርቆስ ነው። እንደገና 7518ን ለ19 አካፍሉ። 13 ይተርፋል፣ አንዱ ለዘመን ይተዋል፣ 12 ወንበር ይሆናል። ወንበሩን በ11 ስታባዙ 132፣ ሠላሳ ሠላሳውን ስትገድፉ 12 ይቀራል። አበቅቴ ይሄ ነው። በ19 ስታባዙት 228፣ ተገድፎ 18። መጥቅዕ የሚባለው፣ የበዓላት ማውጫው ቁጥር፣ ይሄ ነው። ከ14 ስለበለጠ በመስከረም ይውላል። መስከረም 18 እሑድ ነው፣ የእሑድ ተውሳክ (ለዕለቱ የሚደመረው ቁጥር) 7 ነው። 18 እና 7፣ 25። መባጃ ሐመር፣ የነነዌ ጾም የሚገባበትን ቀን የሚነግረን ቁጥር፣ ወጣ። የነነዌ ጾም ጥር 25 ሰኞ ይገባል። ከዚያ 69 ቀን ቁጠሩ፣ ሚያዝያ 4 ላይ ትደርሳላችሁ። ፋሲካ!

ይህን የሚያህል ነገር በእጃችን እያለ፣ የፋሲካን ቀን ከስልካችን ላይ እንፈልጋለን። እኔም እስከ ሠላሳ ዓመቴ ድረስ እንደዚያው ነበርኩ፣ አልዋሽም። መሪጌታው ያን ቀን ቁጥሩን ሲያወርዱት ግን እንባዬ መጣ። ሰዎች በብራና ላይ፣ በኩራዝ ብርሃን፣ የጨረቃን 354 ቀንና የፀሐይን 365 ቀን ለማስታረቅ ስንት ሌሊት ሳይተኙ አድረዋል። ወንበሩን በ11 የምናባዛው በዚያች ልዩነት ነው። ልብ ወለዱን የጀመርኩት በዚያ ሳምንት ነው። አሮጊቷ ሊቅ የተወለዱት ከዚያ ደረሰኝ ጀርባ ነው።

ደግሞ መጽሐፍ ለሚፈልግ መጽሐፍ አለ። ፕሮፌሰር ጌታቸው ኃይሌ «ባሕረ ሐሳብ» የሚል ዳጎስ ያለ ሥራ በአማርኛ ትተውልን አልፈዋል። በምዕራፉ መጨረሻ ላይ ስሙን ጽፌዋለሁ፣ ከየት እንደተማርኩ እንዲታወቅ። «የጥላ ልክ»ን የጠየቀኝን ሰው መቁጠር ትቻለሁ። «ባሕረ ሐሳብ»ን የት አገኛለሁ ያለኝ ግን አንድም ሰው የለም። አንድም!

አምስተኛውን ምዕራፍ ዛሬ ማታ እጨርሳለሁ። «መባጃ ሐመር የሚለው ስም ለአንባቢ ይከብዳል፣ ቀለል ያለ ስም ፈልጊለት» ላላችሁኝ፣ አልቀይረውም።