«ተያት፣ ይሉኝታ ይዟት ነው»

እኛ ባሕር ዳሮች ሰው እናነባለን ባዮች ነን። «ነገር በዓይን ይገባል» እንላለን። ገና ሰላምታው ሳያልቅ «ይሄን ልጅ የሆነ ነገር ከፍቶታል» ብለን እንደመድማለን። እኔ ግን ከምናገኘው የምንስተው ይበዛል ባይ ነኝ። የባሰው ደግሞ መሳታችንን አለማወቃችን ነው።

ባለፈው እሁድ ጣና ዳር አሳ ቤት ተቀምጫለሁ። አጠገቤ አንዲት ወጣት ከእናቷና ከአክስቷ ጋር ነበረች። የተጠበሰ ቀረሶ ቀረበላቸው። ልጅቱ አንድ ሁለቴ ቆንጠር አደረገችና እጇን ሰበሰበች።

«በሞቴ ብዪ እንጂ!» አሉ አክስት።

«በቃኝ እትዬ።»

«ተያት፣ ይሉኝታ ይዟት ነው» አለች እናት። ወዲያው አንድ ትልቅ ጉርሻ ተጠቀለለ። ልጅቱ በጭንቅ ዋጠችው። ይህን ያየች አስተናጋጅ ጠጋ ብላ «እህቴ፣ እሾሁን ፈርተሽ ነው? ዱለቱን ላምጣልሽ?» አለቻት። ልጅቱ ሳቀች። የአሳ ዱለቱ ሲመጣ ጠርጋ በላችው። የወለደች እናት የሳተችውን የማታውቃት ሴት በአንድ ጥያቄ አገኘችው።

የሌላውን ሐሳብ መገመት እንችላለን፤ ይህን አልክድም። ሃይንዝ ቪመርና ዮሴፍ ፔርነር የተባሉ ተመራማሪዎች በ1983 (እ.ኤ.አ.) ለሕፃናት አንድ ታሪክ ነገሩ። ልጁ ቸኮሌቱን አስቀምጦ ወጣ፤ እናቱ ቦታውን ቀየረችው፤ ልጁ ሲመለስ የት ይፈልገዋል? ሦስት ዓመት ገደማ የሆናቸው አሁን ያለበትን ቦታ ይጠቁማሉ። አራት ዓመት አካባቢ ሲደርሱ ግን ብዙዎቹ «ልጁ መቀየሩን አያውቅም» የሚለው ይገባቸዋል። ታዲያ ሌላው ሰው የተለየ ነገር እንደሚያስብ ማወቅ አንድ ነገር ነው፤ ምን እንደሚያስብ ማወቅ ሌላ።

«እኔ በእሷ ቦታ ብሆንስ?» ማለት ይረዳል የሚል ይኖራል። ታል ኢያል፣ ሜሪ ስቴፈልና ኒኮላስ ኤፕሊ በ2018 (እ.ኤ.አ.) ያሳተሙት 25 ሙከራዎችን የያዘ ጥናት ግን ይህን አይደግፍም። በሌላው ቦታ ሆነው እንዲያስቡ የተነገራቸው ሰዎች ግምታቸው አልተሻሻለም። የተሻለ ያወቁት ከሰውየው ጋር የተነጋገሩት ናቸው። አይገርምም፤ በእሷ ቦታ ስሆን የምሰማው የራሴን ሆድ ነው።

እርግጥ መጠየቅም ብልሃት አለው። «ምን ሆነሃል?» ካሉት፣ ሐበሻ መልሱ አንድ ነው፦ «ምንም።» አስተናጋጇ ግን እንዲያ አልጠየቀችም። ትንሽ ነገር አንስታ፣ አማራጭ ጨምራ፣ «አዎ» ማለት እንዳያሳፍር አድርጋ ጠየቀች።

በዚህ ዘመን ደግሞ ሆዱን ቶሎ የሚከፍት ሰው ጥቂት ነው። ዝም ያለውን ሁሉ ማስለፍለፍ ግዴታ አይደለም። «ማውራት ትፈልጋለህ ወይስ ቡናችንን ብቻ እንጠጣ?» ማለትም ያው መጠየቅ ነው። አብዛኛው ሰው ቡናውን ይመርጣል። ሁለተኛው ስኒ ላይ ሲደርስ ራሱ ይጀምረዋል።