ይድረስ ለክቡር የድህነት ማስረጃ፣ ካሉበት

ቁጥር፦ መዝገብ ቤት ምሳ ወጥቷል
ቀን፦ ነገ ተመለሱ
ጉዳዩ፦ ስለ ጫማ

ክቡርነትዎ፣ አስቀድመን ስለ ማክሰኞው ውለታዎ እናመሰግናለን። አንዲት ልብስ አጣቢ የተፈረደባትን 3,000 ብር መቀጮ ከፋፍላ ለመክፈል ልታመለክት ፈልጋ፣ ሦስት ጎረቤቶቿን ለምስክርነት አስከትላ እርስዎን ፍለጋ ወረዳ ጽሕፈት ቤት መጣች። ባለሙያው ከማመልከቻው በፊት ያነበበው እግሯን ነው። «ይቺን ጫማ ያደረገ ሰው ነው 3,000 ብር የቸገረው?»

ሰልፉ ሁሉ አጎንብሶ ጫማ አየ። ጥቁር፣ ተረከዙ ያልተበላ፣ ጣቷ ላይ የጠበበ። ሴትየዋ አንዱን እግሯን በሌላው ልትሸፍን ሞከረች። ከምስክሮቹ አንዷ ድምጿን ዝቅ አድርጋ «ጫማው የኔ ነው፤ ቢሮ ትገባለች ብዬ አዋስኳት» አለች። ባለሙያው ወዲያው ፈረደ፦ «አንቺማ ንብረትሽን ያዋስሽ ባለጥቅም ነሽ። ምስክር ይቀየር።» ሌላ ምስክር ማለት የሌላ ሰው የቀን ገቢ ማለት ነው።

እዚህ ላይ አንቱታው ይቅር። አንተ ወረቀት፣ ሰውን በሰፈሩ ሰው ፊት «አዎ የላትም፣ አዎ ትቸገራለች» የምታስብለው በየትኛው ሥልጣንህ ነው? የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 90 መቀጮ ሲወሰን የጥፋተኛው ሀብት፣ ገቢ፣ የቤተሰብ ኃላፊነት፣ ዕድሜና ጤና ይታይ ይላል። ዳኛው የመክፈያ ጊዜ ሊሰጣት፣ ከፋፍለሽ ክፈይ ሊላት ይችላል። ስለ ጫማ የተጻፈ አንድ ቃል የለም!

ወደ አንቱታው እንመለስ፤ ማህተም ገና ይቀረናል።

ክብ ማህተም አርፎ ቲተር (የኃላፊው ስም ያለበት ማህተም) ከሌለዎት ይመለሳሉ። ቲተር ኖሮ የወጪ ቁጥር ከሌለዎትም ይመለሳሉ። ቲተሩ መሳቢያ ውስጥ፣ የመሳቢያው ቁልፍ ኃላፊው ኪስ ውስጥ፣ ኃላፊው ስብሰባ ላይ። ወረዳው «ፍርድ ቤቱ ይጻፍልን» ይላል፤ ፍርድ ቤቱ «ከወረዳ አምጪ» ይላል። «ለሚመለከተው ሁሉ» ተብለው ከወጡ ደግሞ ማንንም አይመለከቱም። የችሎቱ ስምና የመዝገብ ቁጥሩ አናትዎ ላይ ካልተጻፈ ዞሮ መግባት ነው።

ፎቶ ኮፒውን ለሌላ ደብዳቤ አቆይተነዋል።

ትልቁ ጥፋትዎ ግን ሆድዎ ውስጥ ያለችው ዓረፍተ ነገር ናት፦ «ምንም ዓይነት ገቢ የሌላት መሆኑን እንገልጻለን።» ችሎት ሲደርሱ የሚጠብቅዎ ጥያቄ «ገቢ ከሌላት በየወሩ በምን ትከፍላለች?» የሚል ነው። ከፋፍሎ ለመክፈል የሚያበቃው ትንሽ ኪስ እንጂ ባዶ ኪስ አይደለም። እንዲህ ተብለው ይጻፉ፦ በወር በአማካይ ይህን ያህል ታገኛለች፣ ለቤት ኪራይ ይህን ያህል ትከፍላለች፣ ይህን ያህል ልጆች ታሳድጋለች። እሷ ደግሞ ማመልከቻዋ ላይ ፍርዱ የተሰጠበትን ቀን፣ በየወሩ በስንተኛው ቀን ስንት ብር እንደምትከፍል ታስፍር። በወር 500 ብር ቢሆን በስድስት ወር ያልቃል። «እንደ አቅሜ» ብሎ መጻፍ ሒሳቡን ለዳኛው መተው ነው። ማመልከቻው የመክፈያው ቀን ሳያልፍም መግባት አለበት፤ ያልተከፈለ መቀጮ ወደ ግዴታ ሥራ ሊለወጥ ይችላልና፣ ያን ጊዜ የሰው ልብስ ማን ሊያጥብላት ነው?

ከደሃ ደንብ ጋር የሚያምታታዎም አለ። ያ በ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ከአንቀጽ 467 ጀምሮ ያለው፣ የዳኝነት ክፍያ መክፈል ለማይችል ከሳሽ ነው። መቀጮን አይነካም። በስህተት ያንን ሞልቶ የመጣ ሰው ሰልፉን ከጭራው ይጀምራል።

ከሰላምታ ጋር

ግልባጭ፦
ለማኅደር (ቁልፉ ሲገኝ)
ለጫማው ባለቤት፤ የችሎት ቀጠሮ ስላለ ጫማው እስከ ሐሙስ እንዲቆይልን