እሳቸው ባይኖሩ ምን ይውጠን ነበር?

በየዘጋቢ ፊልሙ እየቀረቡ አስተያየት የሚሰጡትን ባለሙያ ማለቴ ነው። ስለ ሱስ ዘጋቢ ፊልም ሲሠራ አሉ። ስለ ስደት ሲሠራ አሉ። ስለ ፍቺ፣ ስለ ሥራ አጥነት፣ ስለ አረጋውያን ብቸኝነት ሲሠራም አሉ። ሸሚዛቸው ይቀየራል እንጂ እሳቸው ያው ናቸው። ከስማቸው ሥር የሚጻፈውም እንደ ፊልሙ ይቀየራል፤ ባለፈው «የቤተሰብ አማካሪ» ነበሩ፣ አሁን «የማኅበራዊ ጉዳዮች ተንታኝ» ሆነዋል። ዕድገት ነው፤ እሰየው።

ሙያው ቀላል እንዳይመስላችሁ። ጀማሪ ሌንሱ ላይ ያፈጣል፤ እሳቸው ከመጻሕፍት መደርደሪያው ፊት ተደላድለው ጠያቂውን ብቻ ያያሉ። የጠያቂው ድምፅ ተቆርጦ እንደሚወጣ ስለሚያውቁ፣ ጥያቄውን ራሱን መልሳቸው ውስጥ ይሸክፉታል። «ችግሩ ምንድን ነው ለሚለው፣ ችግሩ ዘርፈ ብዙ ነው።» መፍትሔውስ? «የባለድርሻ አካላት ርብርብ።» ይህቺ መልስ ለየትኛውም ፊልም ልክ ናት።

ከዚያ የእርምጃው ቀረጻ አለ። ኮሪደሩን ሦስቴ ይመላለሳሉ፤ መስኮት ጋ ቆመው በሐሳብ ይነጉዳሉ። እንደሳቸው አድርጎ መስኮት የሚያይ ሰው እኔ በበኩሌ አልገጠመኝም።

እ.ኤ.አ. በ1935 እንግሊዝ ውስጥ ስለ ድሆች መኖሪያ በተሠራ አንድ ዘጋቢ ፊልም፣ ነዋሪዎቹ ራሳቸው ካሜራ ፊት ቆመው ስለ አይጡና ስለ ተባዩ ተናግረው ነበር። ወይ ኋላ ቀርነት! አይጥ እላዩ ላይ የሮጠበት ሰው ስለ አይጥ ምን ያውቃል?

ዛሬ ተመስገን ሠልጥነናል። በቅርቡ ባየሁት ፊልም አንዲት እናት ስለ ልጇ ማውራት ስትጀምር ድምፅዋ ቀስ እያለ ጠፋና የሳቸው ገባ። ስክሪኑ ላይ የቀረው እጇ ነው፤ የሻርፗን ጫፍ ትጠመዝዛለች። ለምን እንደምታዝን እሳቸው በሁለት ነጥብ ከፍለው አስረዱን። እኛም ከንፈራችንን መጠጥን። ለማን እንደመጠጥን ግን እንጃ።

አንዴ እንዲያውም ቀረጻቸው ላይ ተገኝቼ ነበር። ሲያበቃ የድምፅ ባለሙያው «30 ሰከንድ ማንም አይናገር፤ የክፍሉን ጸጥታ ልቅዳ፣ ለኤዲቲንግ ያስፈልገኛል» ብሎ ለመነ። ሁላችንም ትንፋሻችንን ዋጥን። አሥረኛዋ ሰከንድ ላይ ጉሮሮ ሲጠረግ ተሰማ።

«ይቅርታ፣» አሉ፣ «አንድ ነገር ልጨምር?»