አስማተኛውን ድንጋይ ማን ቆፈረው?

ፋንታሲ ልብ ወለዶች ላይ አንድ የሚያናድደኝ ነገር አለ። ጀግናው ዋሻ ይገባል። ግድግዳው ላይ ሰማያዊ ድንጋይ ያበራል። ይነቅለዋል፣ ሰይፉ ላይ ይሰካዋል፣ በቃ፤ ከዚያ በኋላ የሚያቆመው የለም። ድንጋዩ ቁስል ያድናል፣ እሳት ይተፋል፣ ሙት ያስነሳል፣ ሲያስፈልግም የተቆለፈ በር ይከፍታል። የማይችለው ነገር ከሌለ ታዲያ ቀሪው መጽሐፍ ለምን ተጻፈ?

ቀሽም አስማት የምለው እንዲህ ያለውን ነው።

የሌለ ማዕድን መፍጠር በራሱ ነውር የለውም፤ ጥንትም ነበር። የግሪኩ ፈላስፋ ፕላቶ ባሕር ስለዋጣት የተረት ደሴት ስለ አትላንቲስ ሲተርክ ኦሪካልኩም የሚባል ማዕድን ያነሳል። በደሴቲቱ ብዙ ቦታ ከመሬት ይቆፈር እንደነበር፣ በዋጋም ከወርቅ ቀጥሎ እንደሚመጣ ይነግረናል። ልብ በሉ፤ ቁፋሮውንና ዋጋውን አልዘነጋም። የእኔም ጥያቄ ከዚህ አያልፍም። የአስማት ድንጋይ የፈጠረ ሰው ድንጋዩ ምን እንደማይችል፣ ማን እንደሚቆፍረውና ማን እንደሚከብርበት ይንገረኝ። ኃይሉን ቀስ ብዬ እደርስበታለሁ።

እውነተኛዎቹ ድንጋዮች እኮ ለዚህ ጥሩ አስተማሪ ናቸው። በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ላይ ቪንቼንዞ ካሻሮሎ የተባለ ጫማ ሠሪ፣ ጣሊያን ውስጥ ቦሎኛ አጠገብ ካለ ኮረብታ አንድ ከባድ ድንጋይ ያገኛል። አልኬሚ፣ ማለትም ተራ ነገርን ወርቅ የማድረግ ጥበብ፣ የሚሞካክር ሰው ነበርና ወርቅ ይወጣዋል ብሎ እሳት ውስጥ ከተተው። ወርቅ የሚባል ነገር አልወጣም። ግን የተቃጠለው ድንጋይ ፀሐይ ከመታው በኋላ ጨለማ ውስጥ ሲገባ እንደ ፍም በራ። ዛሬ ባራይት የምንለው ማዕድን ነው። ብርሃኑ ግን ይደክማል፤ ቆይቶ ይጠፋና እንደገና ፀሐይ ይፈልጋል።

ይህችን ድክመት ለጎበዝ ጸሐፊ ስጡት። በጋሻው ላይ ይህን ድንጋይ ለጥፎ ሌሊት የሚዋጋ ሠራዊት አለ እንበል። ቀኑን ሙሉ ደመና ከዋለ ምን ይውጠዋል?

ሌላም አለ። እ.ኤ.አ. በ2004 ሰርቢያ ውስጥ ጃዳር በሚባል ሸለቆ ከዚያ በፊት የማይታወቅ ማዕድን ተገኘ፤ ስሙም ጃዳራይት ተባለ። የለንደን የተፈጥሮ ታሪክ ሙዚየም ባለሙያ የማዕድኑን ቅንብር ኢንተርኔት ላይ ሲፈልገው ያልጠበቀው ነገር ገጠመው። በ2006 የወጣ የሱፐርማን ፊልም ላይ፣ ጀግናውን የሚያደክመው ክሪፕቶናይት የተቀመጠበት ሣጥን ላይ የተጻፈው ቅንብር ከዚህ ጋር አንድ ነው ማለት ይቻላል። ሶዲየም፣ ሊቲየም፣ ቦሮን፣ ሲሊኬት፣ ሃይድሮክሳይድ። የፊልሙ ላይ ፍሎሪን ተጨምሮበታል እንጂ ሌላው ያው ነው። እውነተኛው ግን አረንጓዴ ብርሃን አይረጭም። ነጭ ነገር ነው፤ ሲያዩት ምንም አይልም።

ጉዱ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ሊቲየሙ ለባትሪ ይፈለጋል። ሪዮ ቲንቶ የተባለው የማዕድን ኩባንያ ልቆፍር አለ። የአካባቢው ገበሬዎች ደግሞ መሬታችንስ፣ ውሃችንስ አሉ። ተቃዋሚዎች መንገድ ዘጉ። መንግሥት በ2022 መጀመሪያ ላይ ፈቃዱን ሰረዘ። በ2024 መልሶ ፈቀደ፤ ሰልፈኛውም ተመልሶ አደባባይ ወጣ። ፊልሙ ላይ ድንጋዩ አንድ ሰው ከማድከም ያለፈ ሥራ የለውም። እውነተኛው፣ ምንም አስማት የሌለው፣ አገር አተራመሰ። የትኛው ነው የተሻለ ታሪክ?

እስቲ እኔም ልሞክር። ቁስል የሚያድን ድንጋይ አለ እንበል። ሲያድን ግን ከያዘው ሰው ገላ ሙቀት ይወስዳል። ሐኪሟ ሁለት ሰው ካከመች በኋላ ጣቶቿ አይታዘዙላትም። ስለዚህ ሀብታሞች ድንጋዩን የሚይዝላቸው ድሃ ይቀጥራሉ። ጉድጓዱ አፍ ላይ ዘበኞች ቆመዋል። ቆፋሪዎቹ ሲወጡ እጃቸውን ይዘረጋሉ፤ ጥፍራቸው በመርፌ ይጠረጋል፤ የወጣችው አቧራ ሳትቀር ትመዘናለች። አንዱ ቆፋሪ ምላሱ ሥር ስባሪ ደብቋል። ችግሩ፣ ድዱ ላይ ትንሽ ቁስል ነበረችና ድንጋዩ ሥራውን ጀምሯል። ምላሱ እየደነዘዘ ነው። ዘበኛው ደግሞ ስሙን ጠየቀው።

ይኸው፤ ዘንዶም ጠንቋይም ሳይገባ ነገር ተጀመረ።

«ፋንታሲ እኮ ነው፣ ምን ያካብዳል?» የሚል አይጠፋም። ኬሚስትሪ አስረዱኝ አላልኩም። ድንጋዩ ከኮከብ ቢወድቅ፣ ከአማልክት ዕንባ ቢፈጠር ግድ የለኝም። አንዴ የወጣ ሕግ ግን ለጀግናው ሲባል አይሻር። በዚህ ነገር የጌም ሠሪዎች ከጸሐፊዎች የተሻሉ ይመስለኛል። ብዙ ጌም ላይ ማዕድኑን ለማውጣት የሚበቃ ዶማ ሊኖርህ ይገባል፤ ማቅለጫ ትፈልጋለህ፤ ቦርሳህ ሲሞላ የሆነ ነገር መጣል አለብህ። ተጫዋቹ እየተነጫነጨም ቢሆን ያምነዋል።

እስካሁን ፈልጌ ያጣሁት ደግሞ አስማቱ ስለሚረክስበት ቀን የሚተርክ መጽሐፍ ነው። አሉሚኒየምን አስቡ። ከመሬት ቅርፊት 8 በመቶ ያህሉ እሱ ነው፤ ግን ከሌላው ነገር መነጠሉ አበሳ ነበር። በ1884 የዋሽንግተን ሐውልት ጫፍ ላይ ሲቀመጥ ዋጋው ከብር ጋር የሚፎካከር ነበር፤ ቁራጩም 3 ኪሎ እንኳን አይሞላም። ሁለት ዓመት ሳይቆይ፣ በ1886፣ አሜሪካዊው ቻርልስ ሆልና ፈረንሳዊው ፖል ኤሩ፣ ሁለቱም ገና በ20ዎቹ መጀመሪያ ላይ ያሉ ወጣቶች፣ አንዱ የሌላውን ሳያውቅ በኤሌክትሪክ የሚለዩበትን ዘዴ አገኙ። ዋጋው ወረደ፣ ወረደ፣ ድስት ሆነ።

አሁን ይህን ወደ ምናብ ዓለም ውሰዱት። ሦስት ትውልድ የተዋጋበት፣ የንጉሡ ዘውድ የተሠራበት፣ ልጃገረድ የተዳረችበት ማዕድን አለ። አንድ ጎረምሳ ጓሮው ውስጥ ከተራ አፈር ያወጣዋል። በሳምንቱ ገበያ ላይ በቁና ይሸጣል። ያን ሰሞን ቤተ መንግሥቱ ውስጥ ምን እንደሚወራ፣ የማዕድን ጉድጓዱ ባለቤት ያንን ጎረምሳ ምን ሊያደርገው እንደሚያስብ የሚጽፍልኝ ካለ፣ መጽሐፉን ዋጋ ሳልከራከር እገዛለሁ።