ግልጽ ደብዳቤ ለ«ለጊዜው»

ለተከበርከው «ለጊዜው»፣
ባለህበት ደብዳቤ ሁሉ

ጉዳዩ፦ እስከ መቼ እንደሆነ እንድትነግረኝ ስለመጠየቅ

እንደምን ከርመሃል? እኔ አልሐምዱሊላህ ደህና ነኝ፣ ለጊዜው።

የተዋወቅነው የድልድሉ ዝርዝር የተለጠፈ ዕለት ነው። ሁለት የፌዴራል ቅርንጫፍ መሥሪያ ቤቶች አንድ ሆኑ ተባለና ደሴ የነበረችኝ ወንበር ጠፋች። የተሰጠኝ ደብዳቤ አራት መስመር ነበር። ሦስቱን ረስቻቸዋለሁ። አንተ ግን መሀል ላይ ቁጭ ብለሃል፤ «ኮምቦልቻ ለጊዜው ተመድበው እንዲሠሩ»። ክቡ ማኅተም ግማሽ ፊትህን ሸፍኖታል። ያኔ ነበር መጠርጠር።

ይኸው ጠዋት ጠዋት በደሴ ጉም ካፖርት ለብሼ ሚኒባስ እሳፈራለሁ። ሐረጎን ቁልቁል ስንወርድ አንድ አንድ ቁልፍ እፈታለሁ። ኮምቦልቻ ስደርስ ካፖርቱ ክንዴ ላይ ነው። እዚያው ይውላል፣ መስቀያ የለማ። ጠረጴዛም የለኝም። ንብረት ክፍል ውስጥ ባዶ የቶነር ካርቶን ላይ ነው የምጽፈው። ጠረጴዛ ብጠይቅ «አንተ እኮ ለጊዜው ነህ» አሉኝ።

ቅሬታ ሰሚዎቹ ጋ ሄድኩ። «ጊዜያዊ ነገር ላይ ምን ቅሬታ አለ? አብሽር» አሉኝ። ሁለት ክረምት ጠብቄ ተመለስኩ። አሁን ደግሞ «የቅሬታ ማቅረቢያ ጊዜው አልፏል» ሆነ መልሱ። እስቲ አስረዳኝ፤ አንተ ማብቂያ የለህም፣ የእኔ ቅሬታ ግን ቀኑ ተቆጥሮ ያልቃል?

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ማንም ሰው ጉዳዩን ለፍርድ ቤት ወይም የዳኝነት ሥልጣን ለተሰጠው አካል የማቅረብ መብት አለው ይላል። ለእኛ ለመንግሥት ሠራተኞችም የአስተዳደር ፍርድ ቤት አለን። ማመልከቻ ጸሐፊው ግን መነጽሩን ግንባሩ ላይ ሰቅሎ «ውሳኔውን በጽሑፍ ካላመጣህልኝ ምን ላይ ነው ይግባኝ የምልልህ?» አለኝ። በጽሑፍ ስጡኝ ብዬ ሄድኩ። ማኅተም ያዥዋ ለጊዜው የለችም ተባልኩ። እዚያም ቀድመኸኛል።

ዕድሜህን ግን አደንቃለሁ። የፌዴራል የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ 262/1994ን 515/1999 ሻረው። እሱን 1064/2010፣ እሱን ደግሞ 1353/2017። ለዘለቄታው የታወጁት ሁሉ እየተሻሩ አለፉ። አንተ አለህ።

ከሰላምታ ጋር
(ፊርማው ለጊዜው አልተገኘም)

ግልባጭ፦
ለደሴ ኮምቦልቻ ሚኒባስ ረዳት
«ቋሚ ደንበኛችን» እያለ መጥራቱን እንዲያቆም። ደብዳቤዬ ላይ እንደዚያ አይልም።